ዘጠና ዘጠኝ ላይ የቆመ ጭነት

አረንጓዴዋ መስመር ከግራ ወደ ቀኝ ስትሳብ አርፍዳ፣ ጠርዙን ልትነካ ትንሽ ሲቀራት ቆመች። 99 በመቶ። የእህቴ ልጅ ቁርሱን እንኳ ሳይቀምስ ስክሪኑ ፊት ተቀምጧል። «ስታክ አደረገ» አለኝ፣ ጥፋቱ የእኔ በሚመስል ድምፅ። ጌሙን ያመጣው ሰፈራችን ካለ ኮምፒውተር ቤት በሀርድ ዲስክ አስገልብጦ ነው፤ በእኛ ቤት ኢንተርኔት ያን የሚያህል ፋይል ማውረድ ሳምንት ይፈጃል። ግማሽ ሰዓት ጠበቅን። መስመሯ ጠፋችና በቦታዋ ፋይሉ ተበላሽቷል የሚል መልእክት መጣ። ደግመን ሞከርን፤ እንደገና 99።

ለምን 12 ላይ አይቆምም? ለምን 50 ላይ? ይህ ጥያቄ የልጁን ዕድሜ ሦስት እጥፍ የሚሆን ታሪክ አለው።

ቃላችን ራሱ ፍንጭ ይሰጣል። ጌም «ጫንኩ» እንላለን፤ የሚጭነውን ፕሮግራም ደግሞ «መጫኛ»። መጫኛ ግን ኮምፒውተር ሳይታሰብ በፊት የአጋሰስ ጭነት የሚታሰርበት ጠፍር ነበር። ነጋዴው እህሉን ወይም አሞሌውን በእንስሳው ጀርባ ላይ ሲደረድር ሁሉም የተስተካከለ ይመስላል። ወደ አንድ ጎን ማጋደሉ የሚታወቀው መጫኛው ሲጠብቅ ነው፤ መጨረሻ ላይ።

ዓመቶቹንና ወራቱን እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ልቁጠርና ከ1982 ልነሳ። በዚያ ዓመት የክላይቭ ሲንክሌር ኩባንያ ዜድኤክስ ስፔክትረም የተባለ ትንሽ ኮምፒውተር በብሪታንያ ገበያ ላይ አዋለ። ዋጋው ከ125 ፓውንድ ይጀምራል። ዛሬ ፒሲ ከምንለው ዘር አይደለም፤ የመጠበቅን ስቃይ ለመላው የብሪታንያ ልጆች ያስተማረው ግን እሱ ነው። ጌሞቹ የሚሸጡት ዘፈን በሚቀዳበት ተራ ካሴት ነበር። ልጁ ቴፑን ከኮምፒውተሩ ጋር በሽቦ ያገናኛል፣ ትእዛዙን ይጽፋል፣ ያጫውታል፤ ከዚያ አምስት ደቂቃ ያህል ጆሮ የሚበሳ ጩኸት ያዳምጣል። ጩኸቱ ራሱ ጌሙ ነው። የስክሪኑ ዳር ደግሞ በቀለም ሸንተረሮች ይሞላል፤ መጀመሪያ የማዘጋጃው ድምፅ ሲመጣ ቀይና ውሃ ሰማያዊ፣ መረጃው መፍሰስ ሲጀምር ሰማያዊና ቢጫ።

በእነዚያ ልጆች በአንድ ነገር እቀናባቸዋለሁ። ጭነቱ ሲቆም ያውቁ ነበር፤ በጆሯቸው ይሰሙታል፣ ሸንተረሩ ሲሰበር በዓይናቸው ያዩታል። ድምፁ ከደበዘዘባቸው ትንሽ ብሎን መፍቻ ይዘው የቴፑን ማንበቢያ ራስ እየጠመዘዙ ጥርት እስኪል ያስተካክሉ ነበር። እንደ ክራር መቃኘት ነው። ያም ሆኖ ስፔክትረም ጨካኝ ነበር። እያንዳንዱ የመረጃ ክምር ሲያልቅ አንዲት የማረጋገጫ ባይት ትመጣለች፤ ከፊቷ ያሉት ባይቶች በሙሉ ተሰልተው ከእሷ ጋር መግጠም አለባቸው። አንዲት ቅንጣት ከተዛነፈች ልጁ አምስቱን ደቂቃ ሙሉ ከጠበቀ በኋላ፣ ልክ በመጨረሻዋ ሴኮንድ፣ «አር ቴፕ ሎዲንግ ኤረር» የሚል መስመር ይወጣለታል። ካሴቱን አጠንጥኖ ከሀ መጀመር ነው።

የ99 ምስጢር ያኔውኑ ተዘርግቶልናል። ሸክሙ ሲገባ ማንም አይጠይቀውም፤ የሚጠየቀው ሲያበቃ ነው።

አይቢኤም ፒሲውን በነሐሴ 1981 ሲያወጣ እሱም የካሴት መሰኪያ ነበረው፤ ግን ማንም ብዙ አልተጠቀመበትም፣ ፍሎፒ ዲስክ ቦታውን ያዘ። ከጥቂት ዓመታት በኋላ የተለመደችው ባለ 3.5 ኢንቹ ፍሎፒ 1.44 ሜጋባይት ብቻ ትይዝ ነበር። ጌሞች አደጉ፣ ፍሎፒዎቹ በዙ። ዊንዶውስ 95 ራሱ በፍሎፒ ሲገዛ 13 ዲስክ ነበር፤ አሥራ ሁለቱን አስገብቶ አሥራ ሦስተኛው አልነበብ ሲል የሚሰማውን ስሜት የቀመሰ ያውቀዋል። የዚያ ዘመን ሥርዓት የነበረው ዶስ በዚህ ጊዜ ሦስት ምርጫ ይሰጣል፤ ተው፣ እንደገና ሞክር፣ አልተሳካም በል። ከሦስቱ አንዱም መፍትሔ አይደለም። ሰው ግን «እንደገና»ን ይመርጣል፣ ዲስኩን አውጥቶ እፍ ይላል፣ መልሶ ይከታል፤ የሚገርመው አንዳንዴ ይሠራል። ማንበቢያው ራስ ዳግም ሲሞክር ያመለጠውን ያገኘዋል እንጂ እፍታው ተአምር ኖሮት አይደለም።

ፋይልን ማመቅ የተለመደውም በዚያው ዘመን ነው። ፊል ካትዝ ፒኬዚፕ የተባለውን ማመቂያ ፕሮግራም በ1989 ሲያወጣ እያንዳንዱ የታመቀ ፋይል የራሱን ማረጋገጫ ቁጥር ይዞ እንዲጓዝ አደረገ፤ ሲአርሲ ይባላል፣ ሐሳቡን ዌስሊ ፒተርሰን የተባለው የሒሳብ ሊቅ በ1961 አቅርቦት ነበር። የስፔክትረሟ ባይት አደገችና ሠላሳ ሁለት ቢት ሆነች። ማመቅ ግን ሌላ ጣጣ አመጣ። የዱቄት ከረጢት ሲቀደድ የሚፈሰው ዱቄት ብቻ ነው፤ በጣም የታመቀ ፋይል አንድ ቦታ ሲቀደድ ግን ከዚያ ወዲያ ያለው ሁሉ ትርጉም ያጣል፣ የኋላው የሚፈታው በፊተኛው ላይ ተደግፎ ነውና።

ስለ 1990ዎቹ የዶስ ጌሞች ብዙ ማለት ይቻላል፤ ስለ 640 ኪሎባይቱ ጠባብ ማኅደረ ትውስታ፣ የድምፅ ካርዱን የመስመር ቁጥር እየገመቱ ስለማስገባት። እሱን ልለፈውና በ1994 ገና የሆነውን ልንገራችሁ። ዲዝኒ የላየን ኪንግን ተረት በሲዲ አዘጋጅቶ ለልጆች ሸጠ። ወላጆች ለበዓሉ አዲስ ኮምፒውተር ገዝተዋል፤ በበዓሉ ጠዋት ሲዲው ሲገባ ብዙዎቹ ላይ ማሽኑ ተንበረከከ። ጌሙ ዊንጂ በተባለው የማይክሮሶፍት የስዕል መሣሪያ ላይ ተመሥርቶ ነበር፤ በተለይ ብዙ የተሸጡት የኮምፓክ ፕሬዛሪዮ ኮምፒውተሮች የስክሪን ድራይቨር ከእሱ ጋር አልተሞከረም። የደንበኞች ስልክ በለቅሶ ተጥለቀለቀ። ማይክሮሶፍት ውስጥ አሌክስ ሴንት ጆን፣ ክሬግ አይስለርና ኤሪክ ኤንግስትሮም የሚገፉት፣ ጌሞችን በዊንዶውስ ላይ የሚያሠራ መሣሪያ የማዘጋጀት ሥራ ክብደት ያገኘው ከዚህ ውርደት ወዲህ ነው፤ ውጤቱ ዳይሬክትኤክስ በመስከረም 1995 ወጣ። ዛሬ አንድ ጌም ሲጫን መጨረሻ ላይ «ዳይሬክትኤክስን በመጫን ላይ» ብሎ የሚገተረው መስመር የዚያ የገና ጠዋት ልጅ ነው።

መስመሯ ራሷስ ከየት መጣች? በ1985 ብራድ ማየርስ የተባለ ተመራማሪ ሥራው ምን ያህል እንደተጠናቀቀ የሚያሳይ ምልክት ለተጠቃሚው ያለውን ጥቅም የሚመረምር ጥናት አቀረበ። ሰዎች ወደዱት፤ የሚያዩት ነገር ካለ ይታገሣሉ። እውነቱን ለመናገር መስመሯ ከመጀመሪያው ለማጽናናት የተሠራች ናት፤ ለመመስከር አይደለም። መጫኛው የሚቆጥረው ብዙውን ጊዜ የተገለበጠውን ባይት ወይም የተጠናቀቀውን ደረጃ እንጂ የቀረውን ጊዜ አይደለም። ማረጋገጡ፣ ተጨማሪ ፕሮግራሞችን መጫኑ፣ በመሸጋገሪያ የቆየውን መረጃ ወደ ዲስክ ማውረዱ ሁሉ ተጠቅልሎ በዚያች በቀረችው አንድ በመቶ ውስጥ ይታጨቃል። ስፔክትረም ይጮህ ነበር፤ መስመሯ ግን ፈገግ ትላለች።

ከዚያ ጌሙ ከሳጥን ወጥቶ ወደ ሽቦ ገባ። ቫልቭ የተባለው የጌም ኩባንያ ስቲም የተሰኘውን የኢንተርኔት ማከፋፈያ በመስከረም 2003 ከፈተ፤ በቀጣዩ ዓመት ኅዳር 16 ሃፍላይፍ 2 የተባለው ጌሙ ሲወጣ ሲዲውን በእጁ የያዘ ገዢ እንኳ ፋይሎቹን ለማስፈታት ከስቲም ጋር መገናኘት ነበረበት። ሰርቨሮቹ በዚያ ቀን ሕዝቡን አልቻሉትም። ሰው ከፍሎ የገዛውን ዲስክ ማሽኑ ውስጥ አስገብቶ ሩቅ አገር ያለ በረኛ እስኪከፍትለት ይጠብቃል፤ ጭነት ከቤት ውጭ ባለ ምክንያት የመቆሙ ዘመን እዚህ ላይ ተጀመረ ብል ስህተት አይመስለኝም። ሃያ ዓመት ቆይቶ፣ በኅዳር 2024፣ የማይክሮሶፍት ፍላይት ሲሙሌተር አዲሱ ዕትም በወጣበት ቀን ያው ተደገመ፤ ብዙዎች 97 በመቶ ላይ ቀሩ። የሥራው መሪዎች በቪዲዮ ወጥተው መረጃውን የሚያቀብለው ክፍል በ200,000 ሰው ሠራሽ ተጠቃሚዎች ተፈትኖ እንደነበርና እውነተኛው ጎርፍ እንደጣለው ተናገሩ። በዚያ ቀን ራሙን የነቀለ፣ ዊንዶውሱን የደመሰሰ ስንት ምስኪን ይኖራል!

የስቲም አሠራር ሌላም ማምታቻ አለው። ፋይሉን ወደ አንድ ሜጋባይት ገደማ በሆኑ ቁራጮች ከፍሎ አምቆ ይልካል፤ እኛ ጋ ያለው ኮምፒውተር ይፈታል፣ ይጽፋል። ማዘመኛ ሲመጣ ደግሞ ትልቁን ፋይል ከአሮጌው ጎን አዲስ አድርጎ ይገነባል። ስለዚህ የማውረጃው ፍጥነት ዜሮ ሲል «ኢንተርኔት ጠፋ» ብሎ ራውተሩን መንቀል ከንቱ ነው፤ ዲስኩ በሥራ ተጠምዶ ይሆናል። ባዶ ቦታ ካነሰም እዚያው ይቆማል።

የቀረው በሽታ በቤት ውስጥ ያለ ነው፣ አብዛኛውም በጠባቂዎች መብዛት የመጣ። በ2007 ከዊንዶውስ ቪስታ ጋር የመጣው የፈቃድ መጠየቂያ መስኮት አንዳንዴ ከመጫኛው ጀርባ ይደበቃል፤ እኛ መስመሯን እናያለን፣ እሱ የእኛን «እሺ» ይጠብቃል። የዊንዶውስ መጫኛ አገልግሎት በአንድ ጊዜ አንድ ጭነት ብቻ ያስተናግዳል፤ ሌላ ፕሮግራም በጓዳ እየተጫነ ከሆነ ጌሙ ደጅ ይጠናል። አንቲቫይረሱ እያንዳንዷን ፋይል ይፈትሻል፣ አጠራጣሪ የመሰለችውን ነጥቆ ያስቀምጣል። እዚህ ላይ «አንቲቫይረሱን አጥፋው» የሚለው የሰፈር ምክር አለ፤ እኔ አልወደውም። ፋይሉ ከየት እንደመጣ በማይታወቅበት አገር ዘበኛን ማባረር ለሌባ በር መክፈት ነው። ሌላው አሮጌ ወጥመድ ፋት32 ነው፤ አንድ ፋይል ከ4 ጊጋባይት በላይ አይቀበልም፣ ብዙ ፍላሾች ደግሞ እስካሁን በእሱ ተፎርማተዋል። ባዶ ቦታ ሞልቶ ተርፎ ሳለ «ቦታ የለም» የሚል ማሽን ያጋጠመው ሰው እዚህ ይመልከት።

ከሁሉ የሚያስደንቀኝ ግን የፕሮሰሰር ሠሪው የኢንቴል ጉዳይ ነው። 13ኛውና 14ኛው ትውልድ ፕሮሰሰሮቹ ላይ ጌሞች እየወደቁ «የቪዲዮ ማኅደረ ትውስታ አልቋል» ይሉ ጀመር። ሰው ግራፊክስ ካርዱን ከሰሰ፤ የካርዱ ሠሪ ኤንቪዲያ ተከሳሽ ሆኖ ቆይቶ በ2024 ወደ ኢንቴል ጠቆመ። ፍንጩን ከሰጡት መካከል የጌም ፋይሎችን የሚፈታው ኡድል የተባለው መሣሪያ ሠሪዎች ነበሩ፤ የሚፈቱት መረጃ ከማረጋገጫው ጋር አልገጥም ሲል ጥፋቱ የሶፍትዌራቸው እንዳልሆነ፣ ፕሮሰሰሩ ስሌት እየሳተ እንደሆነ ተረዱ። በመጨረሻ ኢንቴል ፕሮሰሰሩ ከሚገባው በላይ ቮልቴጅ ይጠይቅ እንደነበር አመነ፤ በነሐሴ ማስተካከያ አወጣ፣ ዋስትናውንም በሁለት ዓመት አራዘመ። ፋይል መፍታት ለኮምፒውተር ከባድ ፈተና ነው፤ ፕሮሰሰሩም፣ ራሙም፣ ዲስኩም በአንድ ጊዜ ይወጠራሉ። ፊልም ሲያሳይ፣ ደብዳቤ ሲጽፍ የኖረ ማሽን ሕመሙ የሚወጣው በዚህ ቀን ነው።

ወደ እህቴ ልጅ ልመለስ። ከሰዓት በኋላ ሀርድ ዲስኩን ይዘን ወደ ኮምፒውተር ቤቱ ሄድን። ባንኮኒው ላይ ያለው ልጅ ከሃያ ዓመት አይበልጥም። «ጋሼ፣ ፋይሉ ደህና ነው፤ ከዚሁ ላይ ትናንት ሁለት ሰው ገልብጦ ጭኗል» አለኝ። ትንሽ አሰብ አድርጎ «ከሁለቱ ራም አንዱን ነቅለው ይሞክሩት፤ እምቢ ካለ በሌላው ይቀይሩት» ጨመረ። ስለ ሲአርሲ አልነገረኝም፣ ስለ ኢንቴልም። በእጁ ያለፉት ማሽኖች ያስተማሩት ነገር ነው።

ቤት ገብተን ኮምፒውተሩን አጥፍተን ከፈትነው፣ አንደኛውን ነቀልን፣ አቧራውን ጠረግን፣ እንደገና አስጀመርን። መስመሯ ተሳበች፣ 99 ደረሰች፣ ቆመች። ልጁ ፊቱን በእጁ ሸፈነ። እኔ ታስክ ማናጀርን ከፍቼ የዲስኩን ግራፍ አሳየሁት፤ እንደ ተራራ ሰንሰለት ይወጣል፣ ይወርዳል። «ይሄ እስከተንቀሳቀሰ ድረስ አትንካው» ብዬው ሳሎን ገባሁ። እህቴ ቡና አቅርባ ነበር። አቦሉን ጠጥተን ቶናው ሲቀዳ ከውስጥ ክፍል ከበሮ የበዛበት ሙዚቃ ፈነዳ፤ እህቴ ጀበናውን እንደያዘች «ቀንሰው!» ብላ ጮኸች።