አንድ ፋርማሲስት ስንት ቴክኒሻን ይቆጣጠር?

ውጭ አገር ከሚሠሩ የቀድሞ ተማሪዎቼ አንዱ ጥሩ ጥያቄ ላከልኝ፦ «እዚህ አንድ ፋርማሲስት ስንት ቴክኒሻን እንደሚቆጣጠር በሕግ ተወስኗል፤ እኛ ጋስ?» መልሱ ትንሽ ታሪክ ይፈልጋልና ለሁላችሁም ልጻፈው።

በአሜሪካ ብዙ ክፍለ ግዛቶች ለአንድ ፋርማሲስት የቴክኒሻን ቁጥር ይወስናሉ፤ ጭራሽ ገደብ የሌላቸውም አሉ። ሐሳቡ ቀላል ነው። ቴክኒሻኑ ይቆጥራል፣ ያሽጋል፤ ፋርማሲስቱ አይቶ ያጸድቃል። ሰው ሲበዛበት ግን ማየቱ ይቀርና መፈረም ብቻ ይሆናል።

የእኛ አገር ታሪክ የጀመረው በሌላ በር ነው። በቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ዩኒቨርሲቲ የፋርማሲ ትምህርት የተከፈተው በ1961 እ.ኤ.አ. ነው። የሕግ ክፍል ማስታወቂያ ቁጥር 288 በ1964 እ.ኤ.አ. ሲወጣ ትምህርት ቤቱ ገና ሦስት ዓመቱ ነበር። ከዚያም በኋላ ለአሥርት ዓመታት ፋርማሲስት የሚያስመርቅ ሌላ ተቋም አልነበረም። ታዲያ ፋርማሲስት በሌለበት አገር «አንድ ለስንት?» ብሎ መጠየቅ ምን ዋጋ አለው? ጥያቄው «ፋርማሲስት በሌለበት ማን ብቻውን መድኃኒት ይሽጥ?» ሆነ።

መልሱም ሁላችንም በታፔላ የምናውቀው መሰላል ነው። ፋርማሲውን ፋርማሲስት ይመራል። መድኃኒት መደብሩን ድራጊስቱ፣ ማለትም የፋርማሲ ቴክኒሻኑ። የገጠር መድኃኒት ቤቱን ደግሞ ብዙ ጊዜ ጤና ረዳት። ደረጃው ዝቅ ባለ ቁጥር የሚሸጠው መድኃኒት ዝርዝርም ያጥራል። ውጭ አገር ከፋርማሲስቱ ጎን የሚቆመው ቴክኒሻን፣ እኛ ጋ የራሱ ሱቅ ኃላፊ ሆነ። ይህ ስንፍና አልነበረም፤ ያለውን ሰው አብቃቅቶ አገር ማዳረስ ነበር። የገጠር መድኃኒት ቤቶች ቁጥር እኮ ለረጅም ጊዜ ከፋርማሲዎቹና ከመደብሮቹ ድምር ይበልጥ ነበር።

አሁን የአዲስ አበባን ዙሪያ እንይ። በጅማ መንገድ ሰበታ፣ በአምቦ መንገድ ቡራዩ፣ እንጦጦን ተሻግሮ በጎጃም መንገድ ሱሉልታ። እርሻ የነበረው መሬት በአንድ ትውልድ ውስጥ ከተማ ሆነ፤ በ2015 ዓ.ም. ደግሞ ሦስቱም በሸገር ከተማ ሥር ተጠቃለሉ። መሰላሉ የተሠራው ግን ገጠርና ከተማ በግልጽ በሚለዩበት ዘመን ነው። በዚያ ላይ አዋጅ ቁጥር 661/2002 የችርቻሮ መድኃኒት ቤቶችን ቁጥጥር ለክልሎች ስለሰጠ፣ አስኮ ያለው ፋርማሲ የአዲስ አበባን ተቆጣጣሪ ያያል፤ ትንሽ አለፍ ብሎ ቡራዩ ያለው የኦሮሚያን። በሽተኛው ግን ያው አንድ ሰው ነው፤ በታክሲ ወዲያና ወዲህ ይመላለሳል።

ዛሬ ሁኔታው ተገልብጧል። በየክልሉ ዩኒቨርሲቲዎች ፋርማሲስት ያስመርቃሉ፤ ሥራ ያጡ ተመራቂዎችም አሉ። ያም ሆኖ ፈቃዱ ግድግዳ ላይ ተሰቅሎ ባለፈቃዱ የሌለበት ቤት ስንቶቻችሁ አይታችኋል? ፈቃድ ማከራየት የምንለው ይኸው ነው። እዚህ ላይ ነው የውጭዎቹ ጥያቄ ዘግይቶም ቢሆን እኛ ጋ የሚደርሰው። በወረቀት አንድ ለሁለት የሆነው፣ ባንኮኒው ጋ ዜሮ ለሁለት ነው።

ይህ የወረቀት ጉዳይ ብቻ አይደለም። ደም እንዳይረጋ ዋርፋሪን የሚወስዱ አባት ለጉልበት ሕመም አይቡፕሮፌን ሲጠይቁ፣ «ሌላ ምን ይወስዳሉ?» የሚል ሰው ከሌለ ደም መፍሰስ ሊከተል ይችላል። ቴክኒሻኖቻችንን ዝቅ ማድረጌ አይደለም፤ ድራጊስቶች ይህን አገር ለዓመታት ተሸክመዋል። ግን ሲጠራጠሩ ዞር ብለው የሚጠይቁት ሰው ይገባቸዋል።

ለእኔ ከቁጥሩ በፊት የሚቀድመው መገኘት ነው። ፋርማሲስቱ ሳይኖር «ለአንድ ሦስት» ብሎ መደንገግ ባዶ ወንበርን አለቃ ማድረግ ነው። እናንተም መድኃኒት ስትገዙ «ፋርማሲስቱ አሉ?» ብላችሁ ጠይቁ፤ ነውር የለውም።

ሰበታ፣ ቡራዩና ሱሉልታ የምትሠሩ የሙያ ልጆቼ፣ እናንተ ጋ እንዴት ነው? እስኪ ኮሜንት ላይ አጫውቱን።