የዳኑ ሴቶች ምስክርነት በፌስቱላ ቅስቀሳ

የወሊድ ፌስቱላ ምጥ ለቀናት ሲጠና የሚደርስ ጉዳት ነው። የሕፃኑ ራስ የእናቲቱን ሥጋ ከዳሌ አጥንቷ ጋር አጣብቆ ሲጫነው ደም ይቋረጥበታል፤ ሥጋው ይሞትና ወደ ሽንት ፊኛ ወይም ወደ ሰገራ መውጫ ቀዳዳ ይከፈታል። ከዚያ በኋላ ሽንት ወይም ሰገራ ሳይቋረጥ ይፈሳል። ሕፃኑም አብዛኛውን ጊዜ ሞቶ ይወለዳል። ሴትዮዋ ስለ ሽታው አፍራ ከለቅሶም ከገበያም ትቀራለች፤ አንዳንዷን ባሏ ይፈታታል፤ የእግዜር ቁጣ ነው ብላ ዓመታት የምትደበቅም አለች።

የቅስቀሳው ችግር እዚህ ላይ ነው፤ ሊነገራቸው የሚገባቸው ሴቶች ሰው ካለበት አይገኙም። ስለዚህ ወሬውን የሚያደርስላቸው ድኖ ወደ ቀዬው የተመለሰ ሰው ነው። መፍሰሱ ቆሞላት የተመለሰችን ጎረቤት ያየ ቤተሰብ ሴት ልጁን ወደ ሕክምና ለመውሰድ ብዙ ስብከት አያስፈልገውም።

በሰፊው የሚታወቀው ታሪክ የወይዘሮ ማሚቱ ጋሼ ነው። እ.ኤ.አ. በ1962 ገና በአሥራዎቹ ዕድሜ ሳሉ ዶክተር ሬጅናልድና ዶክተር ካትሪን ሃምሊን በአዲስ አበባ አከሟቸው። ካገገሙ በኋላ አልጋ በማንጠፍና መሣሪያ በማቀበል ጀመሩ፤ ቆይተውም፣ መደበኛ ትምህርት ሳይኖራቸው፣ የፌስቱላ ቀዶ ሕክምና ሠሪ ሆኑ። ሃምሊኖች እ.ኤ.አ. በ1974 በከፈቱት የአዲስ አበባ ፌስቱላ ሆስፒታልም የዳኑ ሴቶች በአስታማሚነት ይቀጠራሉ። አዲስ የምትመጣ ታማሚ ያለ ኀፍረት የምታወራው ለእነሱ ነው።

ለውጭ ተመልካች የተሠራው ምስክርነት ግን ሌላ ነገር ነው። አምስት ኢትዮጵያውያን ሴቶችን የሚከተለው «ኤ ዎክ ቱ ቢዩቲፉል» የተሰኘው እ.ኤ.አ. የ2007 ዘጋቢ ፊልም ሕመሙን ባሕር ማዶ አስተዋወቀ። ያም ጠቃሚ ነው፤ ግን ገንዘብ የሚያሰባስብ ታሪክ እንባን ይመርጣል፣ በገጠር የሚነገረው ደግሞ የት እንደሚኬድ ያመለክታል። የባለታሪኳ ፈቃድም በሁለቱ አንድ አይደለም፤ ለመንደሯ ሴቶች የተናገረች ፊቷ በሩቅ አገር እንዲታይ ተስማምታለች ማለት አይቻልም።

ምስክርነት የሚሸፍነውም አለ። በቀዶ ሕክምና የማይድኑ ሴቶች አሉ፤ በአዲስ አበባ አጠገብ ደስታ መንደር የተቋቋመው ለእነሱ ነው። በመድረክ ላይ ግን እምብዛም አይታዩም። መከላከያውም ንግግር ብቻ ሳይሆን የሠለጠነ አዋላጅና በጊዜው የሚደረስበት ቀዶ ሕክምና ነው፤ እ.ኤ.አ. በ2007 የተከፈተው የሃምሊን የአዋላጆች ኮሌጅ ከገጠር የመጡ ወጣት ሴቶችን አስመርቆ ወደየአካባቢያቸው ይመልሳል።