የዋርሳ ጋብቻ
የዋርሳ ጋብቻ ባሏ የሞተባት ሴት የሟቹን ወንድም የምታገባበት ልማድ ነው፤ «ዋርሳ» የባል ወንድም ማለት ሲሆን፣ «ወረሰ» ከሚለው ግስ ጋር ያለው ዝምድና ሴቲቱ ከከብቱና ከመሬቱ ጋር በቤተ ዘመድ እጅ እንድትቆይ መታሰቡን ሳይሸሽግ ያሳያል። በብሉይ ኪዳን (ዘዳ. 25፥5-10) ግዴታው የሚጸናው ሟቹ ልጅ ሳይተካ ሲቀር ሲሆን፣ በኵሩም ለሟቹ ስም መጠሪያ ይሆናል፤ ዋርሳው እንቢ ካለ ሴቲቱ በሽማግሌዎች ፊት ጫማውን ከእግሩ አውልቃ ፊቱ ላይ ትተፋበታለች፣ ቤቱም ከዚያ ወዲያ በዚሁ በወለቀው ጫማ እየተነሣ ይኖራል። ዕብራውያን ጋብቻውን ይቡም፣ ጫማ የማውለቁን ሥርዓት ሐሊጻ ይሉታል፤ የእስራኤል ዋና ረቢናት በ1950 እ.ኤ.አ. ይቡምን ከልክሎ ሐሊጻን ብቻ አስቀርቷል። በኢትዮጵያ ልማዱ በተለይ በኦሮሞ ማኅበረሰብ ዘንድ የታወቀ ነው፤ እዚህ ግን መበለቲቱ ልጆች ቢኖሯትም ይፈጸማል፣ እንዲያውም አንዱ ምክንያት ልጆቹ ከአባታቸው ወገን እንዳይለዩ ነው። መጠለያ ነው ቢባልም፣ የሴቲቱን ፈቃድ መጠየቅ ብዙ ጊዜ ለወጉ ያህል ነበር። የተሻሻለው የቤተሰብ ሕግ (አዋጅ ቁጥር 213/1992) በአንቀጽ 9 ሴት የባሏን ወንድም እንዳታገባ ይከለክላል፤ ክልሎች የየራሳቸውን ሕግ ስለሚያወጡ ግን አዋጁ በቀጥታ የሚሠራው በአዲስ አበባና በድሬዳዋ ነው።