ከጊኒ ባሕረ ሰላጤ የመጣው የመቐለ በረኛ ዜና መዋዕል

ይህ የግብ ጠባቂው የፊሊፕ ኦቮኖ ዜና ነው። ፊሊፕ ኦቮኖ አገሩ ኢኳቶሪያል ጊኒ፣ ሥራው ግብ መጠበቅ ነው። በ2011 ዓመተ ምሕረት፣ በዘመነ ሉቃስ፣ የመቐለ 70 እንደርታ ክለብን ግብ እየጠበቀ ከጓደኞቹ ጋር የኢትዮጵያ ፕሪሚየር ሊግን ዋንጫ ወደ መቐለ አስገባ። ይህም ዜና ለመቐለው ለዓይደር ሰፈር ልጆች ይጻፋል፤ ሁለት ድንጋይ ተክለው በመካከሉ የሚቆመውን ልጅ «በረኛ» ለሚሉት፣ እርሱንም ብዙ ጊዜ ከሁሉ በኋላ ለሚመርጡት።

የነገሥታትን ዜና የጻፉ ሊቃውንት የድል አድራጊውን ስም ያነሣሉ፤ ሌሊቱን በር ሲጠብቅ ያደረውን ሰው ግን እምብዛም አያነሡም። በኳስም እንዲሁ ነው። ያገባ ይመሰገናል፣ ስሙ በየመንደሩ ይጠራል፤ ያዳነ ግን ያስቀረው ነገር ስላልደረሰ አይቆጠርለትም። በረኛ የሚታወሰው በተሳሳተባት በአንዲቱ ደቂቃ ነው። እኛ ግን የጠባቂዎችን ሥራ በየዘመኑ እናነሣለን።

በ1954 ዓመተ ምሕረት፣ በዘመነ ማርቆስ፣ ሦስተኛው የአፍሪካ ዋንጫ በአዲስ አበባ ሆነ። የኢትዮጵያም ግብ ጠባቂ ጊላሚካኤል ተክለማርያም ነበረ። ጥር 6 ቀን ኢትዮጵያ ቱኒዚያን 4 ለ 2 አሸነፈች። ጥር 13 ቀንም በቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ስታዲየም ከግብፅ ቡድን ጋር ለፍጻሜ ገጠመች። በዚያ ቀን ጊላሚካኤል በ35ኛው ደቂቃ ግብ ተቆጠረበት። ጓደኞቹ በ74ኛው ደቂቃ አቻ ቢያደርጉም፣ አንድ ደቂቃ እንኳ ሳይዘገይ የግብፁ ባዳዊ ዳግመኛ አገባበት። ሕዝቡ ደስታውን ሳይጨርስ ኀዘን መጣ። በረኛው ግን ኳሷን ከመረብ አውጥቶ ወደ መሀል ላከ፤ ከዚያም በኋላ፣ በመደበኛውም በተጨማሪውም ሰዓት፣ ግቡን አላስደፈረም። ሉቺያኖ ቫሳሎ አቻ አደረገ፤ በተጨማሪው ሰዓት ኢታሎ ቫሳሎና መንግሥቱ ወርቁ አገቡ፤ ጨዋታውም 4 ለ 2 ተፈጸመ። ዋንጫውን ጃንሆይ ለአምበሉ ለሉቺያኖ ሰጡ። ቡድኑን ያሠለጠኑት ይድነቃቸው ተሰማ ነበሩ። ዛሬ መንግሥቱ ወርቁን የማያውቅ የኳስ ወዳጅ የለም፤ ጊላሚካኤልን የሚያነሣው ግን ጥቂት ነው።

ከዚህ በኋላ ዘመን ዘመንን ተካ። በ2005 ዓመተ ምሕረት፣ በዘመነ ማቴዎስ፣ ኢትዮጵያ ከ31 ዓመት በኋላ ወደ አፍሪካ ዋንጫ ተመለሰች። አሠልጣኙ ሰውነት ቢሻው ነበሩ፤ ስፍራው ደቡብ አፍሪካ ነው። የመጀመሪያው ጨዋታ በኔልስፕሩት ከዛምቢያ ጋር ጥር 13 ቀን ዋለ። ያ ቀን ጊላሚካኤል ዋንጫ ካነሣበት ቀን 51 ዓመት የሞላው ነበር። በረኛው ጀማል ጣሰው በ36ኛው ደቂቃ ከሳጥኑ ወጥቶ ኳስ ሊያርቅ ሲል የዛምቢያውን ቺሳምባ ሉንጉን በእግሩ ደረቱ ላይ መታው፤ ቀይ ካርድም ወጣበት። ዘሪሁን ታደለ ጓንቱን አጥልቆ ገባ። ኢትዮጵያም በዐሥር ሰው ተጫውታ፣ አንድ ተቆጥሮባት፣ በአዳነ ግርማ ግብ 1 ለ 1 ወጣች።

በዚያው ወር ከናይጄሪያ ጋር በነበረው ጨዋታ ሌላው ግብ ጠባቂ ሲሳይ ባንጫም ቀይ ካርድ አየ። የሚቀየር ሰው አልቀረምና የመሀል ተጫዋቹ አዲስ ሕንጻ የበረኛውን ጓንት አድርጎ በመስመሩ ላይ ቆመ፤ የናይጄሪያው ቪክተር ሞሰስም የተሰጠውን ፍጹም ቅጣት ምት አገባ። ይህን የጻፍነው ማንንም ለመንቀፍ አይደለም። የቀረው ተጫዋች ቢሳሳት ከኋላው ሰው አለው፤ በረኛ ከኋላው ያለው መረብ ብቻ ነው። ስፋቱ 7.32 ሜትር፣ ከፍታው 2.44 ሜትር የሆነ ደጅ ለአንድ ሰው ተሰጥቷል፤ ከ11 ሜትር በኃይል የተመታች ኳስም ከግማሽ ሴኮንድ ባነሰ ጊዜ ትደርሳለች። ለማየትም፣ ለመወሰንም፣ ራሱን ለመወርወርም የተፈቀደለት ያች ቅጽበት ብቻ ናት።

አሁን ወደ ፊሊፕ ኦቮኖ እንመለስ።

በ2007 ዓመተ ምሕረት የአፍሪካ ዋንጫ ለሞሮኮ ተሰጥቶ ነበር። የኢቦላ በሽታ በምዕራብ አፍሪካ ስለ በረታ ሞሮኮ ጊዜው ይራዘም አለች፤ የአፍሪካ እግር ኳስ ኮንፌዴሬሽን እንቢ ብሎ ዝግጅቱን ለኢኳቶሪያል ጊኒ ሰጠ። ያች አገር ትንሽ ናት፤ የስፔን ቅኝ ግዛት ኖራ በአውሮፓ አቆጣጠር በ1968 ነፃ ወጣች፤ የዚያን ጊዜ ዋና ከተማዋ ማላቦም በደሴት ላይ ናት። ኦቮኖ ያኔ ገና የ21 ዓመት ወጣት ሳለ የአገሩን ግብ እንዲጠብቅ ተሾመ።

በመጀመሪያ ከኮንጎ ጋር 1 ለ 1፣ ቀጥሎ ከቡርኪና ፋሶ ጋር ያለ ግብ ተለያዩ፤ ጋቦንን 2 ለ 0 አሸነፉ። ጥር 23 ቀን በባታ ከቱኒዚያ ጋር ሲገጥሙ 1 ለ 0 እየተመሩ ሰዓቱ አለቀ፤ በባከነው ሰዓት በተሰጠ ፍጹም ቅጣት ምት ሐቪየር ባልቦአ አቻ አደረገ፤ በተጨማሪው ሰዓትም በቅጣት ምት ደገመ። ትንሿ አገር ለግማሽ ፍጻሜ በቃች። ጥር 28 ቀን ግን በማላቦ ጋና 3 ለ 0 አሸነፈቻቸው። የመጀመሪያው ግብ የተገኘው ኦቮኖ የጋናውን ክዌሲ አፒያን ጥሎ በተሰጠ ፍጹም ቅጣት ምት ነው። በሜዳውም ሁከት ተነሣ፤ ጨዋታው ከግማሽ ሰዓት በላይ ተቋረጠ፤ ሄሊኮፕተር ከተመልካቹ በላይ አንዣበበ። ጥር 30 ቀን ለሦስተኛ ደረጃ ከዴሞክራቲክ ኮንጎ ጋር ተጫውተው ያለ ግብ ጨረሱ፤ በመለያ ምት 4 ለ 2 ተሸነፉ። ኢኳቶሪያል ጊኒም አራተኛ ሆነች፤ ከዚያ በፊት እንዲህ ያለ ደረጃ አላየችም።

ከዚህም በኋላ ኦቮኖ ወደ ደቡብ አፍሪካው ኦርላንዶ ፓይሬትስ ሄደ። ያ ክለብ በዚያው የአውሮፓውያን ዓመት ለኮንፌዴሬሽን ዋንጫ ፍጻሜ ደርሶ በቱኒዚያው ኤቷል ዱ ሳህል ተሸነፈ። የአፍሪካ ግብ ጠባቂ ሕይወት መንገድ የበዛበት ነው፤ በአንድ ቡድን የሚሰለፈው በረኛ አንድ ብቻ ነውና፣ ቦታ ያጣ ሌላ አገር ይፈልጋል። በ2010 ዓመተ ምሕረት፣ በዘመነ ማርቆስ፣ እግሩ ወደ መቐለ አመራ።

መቐለ የአፄ ዮሐንስ ከተማ ናት፤ ቤተ መንግሥታቸውም እስከ ዛሬ በመካከሏ ቆሟል። ከባሕር ወለል ከ2000 ሜትር በላይ ከፍ ብላ ተቀምጣለች። በዚህ ከፍታ አየሩ ስስ ነው፤ ኳስ ፈጥና ትመጣለች፣ የምትታጠፈውም ጥቂት ነው። በባሕር ዳርቻ ያደገ በረኛ ዓይኑን ዳግመኛ ማስለመድ፣ ትንፋሹን ዳግመኛ መማር ግድ ይሆንበታል። ከተማዋ ቀድሞ ትራንስ ኢትዮጵያና ጉና የተባሉትን ክለቦች ያየች ናት፤ ያኔ ግን አዲሱ ክለብ ወደ ፕሪሚየር ሊጉ ገና መግባቱ ነበር፤ መቐለ ከተማ ይባል ነበር፤ ኋላ መቐለ 70 እንደርታ ተባለ።

ስለ ዓይደር ደግሞ ይህ ይጻፍ። ግንቦት 28 ቀን 1990 ዓመተ ምሕረት፣ የኢትዮጵያና የኤርትራ ጦርነት በተጀመረ ሰሞን፣ የኤርትራ የጦር አውሮፕላኖች በዓይደር ትምህርት ቤት ላይ ቦምብ ጣሉ። ተማሪዎች ሞቱ፤ እነርሱን ለማንሣት የሮጡ ወላጆችና ጎረቤቶችም ዳግመኛ በተጣለው ቦምብ ሞቱ። በዚያ ቀን በክፍል ውስጥ የነበረ፣ በሕይወት የተረፈ ልጅ፣ መቐለ ዋንጫ ስታነሣ ጎልማሳ ሆኖ ነበር። ከተማይቱ በ2011 ለአንድ ዋንጫ ለምን ያን ያህል ጮኸች የሚል ቢኖር ይህን ያስብ፤ ከሰማይ ሞት የወረደባት ከተማ ደስታን አታቃልልም።

በ2011 ዓመተ ምሕረት አሠልጣኙ ገብረመድኅን ኃይሌ ነበሩ። በቀደመው ዓመት ጅማ አባ ጅፋርን የሊጉ ባለ ዋንጫ አድርገው ነበር፤ ወደ መቐለም መጡ። ከፊት አማኑኤል ገብረሚካኤል 18 ግብ አግብቶ የሊጉ ኮከብ ግብ አግቢ ሆነ፤ ከኋላ ኦቮኖ ነበረ። በዚያ ወራት በአገሪቱ ሰውና ሰው በዘር የሚተያይበት፣ የክለብ ደጋፊም በክልል የሚቆጠርበት ክፉ ነፋስ ይነፍስ ነበር። የመቐለን ደጅ ይጠብቅ የነበረው ግን ከአትላንቲክ ዳር የመጣ፣ ስፓኒሽ የሚናገር ሰው ነው። ልጆቹ የትውልድ ሐረጉን አልጠየቁትም፤ ኳሷን ይይዝ እንደ ሆነ ብቻ አዩ። ከተማ ሰውን የራሷ የምታደርገው እንዲህ ነው፤ በሠራላት ልክ። ይህን ትምህርት ከኳስ ውጭም ብንይዘው በተጠቀምን ነበር።

የሊጉ መጨረሻ ቀን ደረሰ። ፋሲል ከነማ ከፊት ነበረ፤ መቐለ ከኋላው። ፋሲል ከስሑል ሽረ ጋር 1 ለ 1 ተለያየ፤ መቐለ ድሬዳዋ ከተማን 2 ለ 1 አሸነፈ። በአንድ ከሰዓት ሁሉ ተገለበጠ፤ ዋንጫው የመቐለ ሆነ፤ ለክለቡም የመጀመሪያው። 2 ለ 1 ሲባል ሰው ሁለቱን ይቆጥራል። በረኛ ግን ሌላ ሒሳብ አለው፤ ሁለተኛዋ ግብ ብትገባበት ኖሮ ዋንጫው አይኖርም ነበር። አንድ ዓመት ሙሉ የተሠራው ሥራ ያልገባችው ኳስ ላይ አረፈ።

በነሐሴ ወር መቐለ ወደ አፍሪካ ቻምፒየንስ ሊግ ገባ፤ ዕጣውም የደረሰው ከካኖ ስፖርት ጋር ነው። ካኖ ስፖርት የኢኳቶሪያል ጊኒ ክለብ ነው! ዕጣ የኦቮኖን ክለብ ወደ ኦቮኖ አገር ላከው። በመጀመሪያው ጨዋታ መቐለ 2 ለ 1 ተሸነፈ፤ በመልሱ 1 ለ 1 ተለያየ፤ በድምር 3 ለ 2 ከውድድሩ ወጣ። አንድ ግብ ብቻ ከመለያ ምት ለየው።

በ2012፣ በዘመነ ዮሐንስ፣ ኮሮና መጣ፤ ሊጉ ባለ ዋንጫ ሳይኖረው ተሰረዘ። በ2013፣ በዘመነ ማቴዎስ፣ በጥቅምት ወር፣ በትግራይ ጦርነት ተነሣ። መቐለ 70 እንደርታ፣ ወልዋሎ ዓዲግራት ዩኒቨርሲቲና ስሑል ሽረ ከሊጉ ጎደሉ። ተጫዋቾች ተበተኑ፤ አማኑኤል ወደ ቅዱስ ጊዮርጊስ ሄደ። መቐለም መብራት፣ ስልክና ባንክ አጣች። በዓይደር ሆስፒታል መድኃኒት አለቀ፤ ሐኪሞች ያለ ደመወዝ ሠሩ፤ ጓንት እየታጠበ ዳግመኛ የሚደረግበት ቀን ሆነ። ሰው ስለ ዋንጫ የማይናገርበት ዘመን ነበር። ጥቅምት 23 ቀን 2015 በፕሪቶሪያ ጦርነቱን የሚያቆም ስምምነት ተፈረመ። በ2017 ሦስቱ ክለቦች ወደ ፕሪሚየር ሊጉ ተመለሱ፤ ነገር ግን ሊጉ በዚያ ጊዜ በተመረጡ ከተሞች እየተዘዋወረ ይካሄድ ነበርና፣ መቐለ ልጆቿን ከሩቅ ትከታተላቸው ነበር።

እንግዲህ የዚህ ዜና ፍሬ ይህ ነው። ከ1954 እስከ 2011 ድረስ ዋንጫ ባነሣንበትም ባዘንንበትም ቀን ሁሉ በመስመሩ ላይ አንድ ሰው ብቻውን ቆሞ ነበር፤ ጊላሚካኤል ሁለት ጊዜ ተደፍሮ ጸና፤ ዘሪሁን በወንድሙ ስሕተት ላይ ገባ፤ አዲስ ሕንጻ ሥራው ሳይሆን ጓንት አደረገ፤ ኦቮኖ አገሩ ባልሆነ አገር ደጅ ጠበቀ። የኳስ ታሪካችንን የምትጽፉ ሁሉ የእነዚህን ስም ከአግቢዎች ስም አጠገብ ጻፉ። ክለቦች ሆይ፣ በየመንደሩ ለሚገኘው ታዳጊ በረኛ የራሱ አሠልጣኝ ስጡት፤ ሥራው ከሌላው የተለየ ነውና ከሌላው ጋር በአንድነት ብቻ አይማረውም። የዓይደር ልጆች ሆይ፣ እናንተም ቡድን ስትከፍሉ በረኛውን አስቀድማችሁ ምረጡ፤ ቢሳሳትም አትስደቡት። ጥበቃ ክብር እንዳለው በልጅነቱ የተማረ ሰው፣ ሲያድግ ቤቱንም፣ ከተማውንም፣ እንግዳውንም ይጠብቃል።