ደመወዝ ያልነበረው የኳስ ዕድሜ

በሁለቱ የዓለም ጦርነቶች መካከል በእንግሊዝ አገር ኳስ እንጀራ ነበር። እንጀራው ግን ገደብ ነበረው፤ ከ1914 ዓ.ም. ጀምሮ የአንድ ተጫዋች ደመወዝ በሳምንት ከ8 ፓውንድ እንዳይበልጥ ተወሰነ። በዚያው ዓመት፣ መስከረም 1 ቀን፣ ይድነቃቸው ተሰማ ጅማ ላይ ተወለዱ።

የእኛ አገር ኳስማ ያን ጊዜ ደመወዝ የሚባል ነገር አያውቅም! ቅዱስ ጊዮርጊስ በ1928 ዓ.ም. አዲስ አበባ ተቋቋመ፤ ዓመቱ ሳያልቅ ጣሊያን ከተማይቱን ያዘ። ወራሪው ነጭና ጥቁሩን በኳስ ሜዳም ለያየ። ይድነቃቸው ገና በልጅነታቸው ለጊዮርጊስ ተሰልፈው እስከ 1950 ዓ.ም. ተጫወቱ። ድሉም ቶሎ አልመጣም፤ በ1936 ዓ.ም. የመጀመሪያውን የኢትዮጵያ ሻምፒዮና የወሰደው የእንግሊዝ ወታደራዊ ሚሲዮን ቡድን ነው። ጊዮርጊስ እስከ 1942 ዓ.ም. ጠበቀ።

እኛ የጋይንት፣ የስማዳና የእስቴ ልጆች የጨርቅ ኳስ እየጠለዝን ስላደግን፣ በነፃ መጫወት ብዙ አይደንቀንም። የሚደንቀን ከዚያ በኋላ የሆነው ነው። በ1949 ዓ.ም. ይድነቃቸው ከመሥራቾቹ አንዱ የሆኑበት የአፍሪካ እግር ኳስ ኮንፌዴሬሽን ሲቋቋም፣ ደቡብ አፍሪካ ዘር ያልተቀላቀለበት ቡድን ላምጣ ብትል ተከለከለች። በ1954 ዓ.ም. ያሠለጠኑት ቡድናችን ግብፅን 4 ለ 2 ረትቶ የአፍሪካን ዋንጫ አነሣ። ከ1964 ዓ.ም. ጀምሮ ኮንፌዴሬሽኑን ሲመሩ፣ በ1979 ዓ.ም. እስኪሞቱ ድረስ ከአፓርታይድ ጋር አልታረቁም። በሜዳ መለየት ምን እንደሆነ በልጅነታቸው አይተውታላ!

ታዲያ ይህን ዕድሜ በስንት ፓውንድ እንተምነው?