የደቀምሐሬዋ ልጅ በሮም

እስቲ ጠጋ ጠጋ በሉ፤ ዛሬ የፊልም ወሬ ነው የማወራችሁ።

ለንደን፣ ሃርልስደን ውስጥ፣ ጁቢሊ ከሚባለው የአደባባይ ሰዓት ብዙ ሳይርቅ፣ ማኖር ፓርክ ሮድ ላይ ኮሊሲየም የሚባል ሲኒማ ቤት ነበረ። ኋላ ሲኒማነቱ ቀርቶ መጠጥ ቤት ሆነ። በ1970ዎቹ (ዓመቱን ሁሉ እንደ ፈረንጅ ነው የምቆጥረው) ቴሌቪዥን ተመልካቹን ከየቤቱ ሶፋ ላይ አስቀርቶባቸው ብዙ የለንደን ሰፈር ሲኒማ ቤቶች ተቸግረው ነበር። ያገኙትን ያሳያሉ፤ የኩንግ ፉ፣ የደም መጣጭ፣ ከጣሊያንና ከፈረንሳይ የመጣ እርቃን የበዛበት ፊልም። በሩ ላይ «ኤክስ» የሚል ምልክት ይለጠፋል፤ ከ18 ዓመት በታች መግባት የለም ማለት ነው። የእንዲህ ዓይነቱ ፊልም ንግሥት ሆና ሮም ላይ የነገሠች አንዲት የሐበሻ ልጅ ነበረች። የምተርክላችሁ እሷን ነው።

ስሟ ዘውዲ አርአያ ይባላል። በፌብሩዋሪ 1951 ደቀምሐሬ ተወለደች። ደቀምሐሬ ከአስመራ ወደ ደቡብ ምሥራቅ 40 ኪሎ ሜትር ያህል ርቃ የምትገኝ፣ ጣሊያኖች በ1930ዎቹ ያስፋፏት ከተማ ናት። ልብ በሉ፤ በ1951 ጣሊያን ከኤርትራ ከተባረረ አሥር ዓመት ሆኖታል፣ ከኢትዮጵያ ጋር ያለው ፌዴሬሽን ደግሞ ገና ዓመት ይቀረዋል። አገሩን የያዘው እንግሊዝ ነበር። እናንተ የለንደን ሐበሾች ለመኖሪያ ወረቀት ስትሉ ስንት ዓመት ደጅ የጠናችሁት መንግሥት፣ እሷ ስትወለድ ባንዲራው ከደጇ ይውለበለብ ነበር!

ልጅቱ አደገች፣ አማረች። በ1969 የኤርትራ ቆንጆ ተብላ ተመረጠች። በ1972 ሮም ገባች፤ እዚያም «ታዛ ዶሮ» ለሚባል ቡና ማስታወቂያ ሠራች። ቡናውም ከእኛ፣ ቆንጆዋም ከእኛ፤ ገንዘቡ ግን ለሌላ! ማስታወቂያ ላይ የታየችውን ልጅ ሉዊጂ ስካቲኒ የሚባል ዳይሬክተር ለፊልሙ መሪ ተዋናይት አድርጎ መረጣት።

እዚህ ላይ ታሪኩን ቆም ላድርገውና ወደ ኋላ ልመልሳችሁ። በ1935 የሙሶሎኒ ወታደር አገራችንን ሊወር ሲነሣ «ፋቼታ ኔራ» የሚል ዘፈን እየዘፈነ ነበር፤ ለሐበሻዋ ልጅ ነፃነት አመጣልሻለሁ እያለ። በሁለተኛው ዓመት፣ በአፕሪል 1937፣ ያው መንግሥት አዋጅ አወጣ፦ ከቅኝ ተገዢ ጋር እንደ ባልና ሚስት የኖረ ጣሊያናዊ ከአንድ እስከ አምስት ዓመት ይታሰራል። ዘፈኑ ይጠራል፣ ሕጉ ያስራል። ከአዋጁ 35 ዓመት በኋላ ደግሞ የዚያ ወታደር ልጅ የሲኒማ ትኬት ቆርጦ ያችኑ የተከለከለች ልጅ ሊያይ ተሰለፈ። የዘውዲን ፊልሞች ያለዚህ ታሪክ የሚያይ ሰው ግማሹን ብቻ ነው የሚያየው ባይ ነኝ።

ወደ ስካቲኒ ልመለስ። ዘውዲን ያሠራበት የመጀመሪያው ፊልም «የጨረቃ ቆዳ ያላት ልጅ» ነው፣ 1972። ትዳራቸው የቀዘቀዘ ጣሊያናዊ ባልና ሚስት ሲሸልስ ለዕረፍት ይሄዳሉ፤ ባልየው እዚያ አንዲት የደሴት ልጅ ያገኛል፤ የቀረውን እናንተው ገምቱት። ታሪኩ ቀጭን ነው፣ ባሕሩ ሰማያዊ ነው፣ ሙዚቃው የፒዬሮ ኡሚሊያኒ ነው፤ እውነቱን ለመናገር ከፊልሙ ሙዚቃው ይበልጣል። ገበያው ግን ደራ። ስካቲኒ በ1973 እና በ1974 ሌላ ሁለት ፊልም አሠራት፤ በኋለኛው አሜሪካዊቷ ተዋናይት ካሮል ቤከርም አለች። በእነዚህ ፊልሞች ዘውዲ አንዴ የደሴት ልጅ፣ አንዴ ግብፃዊት ሆና ትመጣለች። ከየት እንደመጣች ለጣሊያኑ ግድ አልነበረውም፤ ጠይም ትሁን እንጂ። ድምፁም ቢሆን በዚያ ዘመን የጣሊያን ፊልም ድምፅ የሚቀዳው ከቀረጻው በኋላ ስቱዲዮ ውስጥ ነበር፤ መልክ ከአንዱ፣ ድምፅ ከሌላው መሆኑ የተለመደ ነው።

እሷ ሮም ላይ ካሜራ ፊት በቆመችበት በዚያው ዘመን አገር ቤት ሌላ ነገር ይነድ ነበር። በሴፕቴምበር 1974 ንጉሡ ወረዱ፤ በ1975 መጀመሪያ አስመራ ውስጥ ጦርነት ፈነዳ። ሐበሻው በየአቅጣጫው መሰደድ ጀመረ፤ ከዚያ ስደት የተረፈው ነው ዛሬ ሃርልስደንን ጨምሮ በለንደን ሰፈሮች ተበትኖ የሚኖረው።

በ1976 ሰርጂዮ ኮርቡቺ፣ ያ የ«ጃንጎ» ዳይሬክተር፣ «ሲኞር ሮቢንሰን»ን ሠራ። መነሻው ለንደናዊው ዳንኤል ዴፎ በ1719 ያሳተመው ሮቢንሰን ክሩሶ ነው። በዴፎ መጽሐፍ የሮቢንሰን አሽከር አርብ የሚባል ወንድ ነው፤ ጣሊያኖች አርብን ሴት አደረጉትና ዘውዲን አመጧት። መርከብ የሰጠመበትን ሰው የሠራው ኮሜዲያኑ ፓኦሎ ቪላጆ ነው። በዚህ ፊልም ሞኙ ፈረንጁ ነው፤ የምታስተምረው እሷ ናት። ከሥራዋ ሁሉ ይሄ ይሻለኛል። በ1979 ደግሞ ያው ኮርቡቺ ከተዋናዩ ማርቼሎ ማስትሮያኒ ጋር በ«ጃሎ ናፖሌታኖ» አሠራት።

ከዚያስ? ከዚያ ፍራንኮ ክሪስታልዲን አገባች። ክሪስታልዲ ተራ ሰው አይደለም፤ የፌሊኒን «አማርኮርድ» ፕሮዲውስ ያደረገ፣ ቀድሞ የተዋናይቷ የክላውዲያ ካርዲናሌ ባል የነበረ ሰው ነው። በ1990 ኦስካር የወሰደው «ሲኒማ ፓራዲሶ»ም የእሱ ነው። ዘውዲ ትወናውን እየተወች መጣች። ባሏ በ1992 ሲሞት እሷ ወደ ፕሮዲውሰርነቱ ዞረች፤ ሌላው የሚያለብሳት ወይም የሚያራቁታት ሳትሆን ሒሳቡን የምታይ ሆነች። እኔ የማደንቅላት ይሄን ነው፤ በየፖስተሩ የተለጠፈውን ውበቷንማ ያላደነቀ የለም።

ከፊልሞቿ አንዱን ብቻ የማየት ጊዜ ያለው ሰው «ሲኞር ሮቢንሰን»ን ይፈልግ። ልጆቹን ግን አስቀድሞ ያስተኛ።