ከአዋጁ የቀደመ ካሜራ

ጎበዝ፣ እ.ኤ.አ. በ2008 የወጣውን «ትዋይላይት» ያላየ አለ? የፊልሙ ካሜራማን ግን ሆሊውድ ከመግባቱ በፊት የኛን ጭሰኛ እንደቀረጸ ስንቶቻችን እናውቃለን?

ሰውየው ኤሊዮት ዴቪስ ይባላል። እ.ኤ.አ. በ1974፣ የአፄው ዙፋን በሚናወጥበት ዓመት፣ የኃይሌ ገሪማን «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» በ16 ሚሊሜትር ጥቁርና ነጭ ፊልም ቀረጸ። ከተዋናዮቹ ብዙዎቹ ገበሬዎች ናቸው። ካሜራው አይቸኩልም፤ ገበሬው ሲያርስ፣ ባለመሬቱ ተቀምጦ ሲያዝ ረጋ ብሎ ያያል። ሁለት ሰዓት ተኩል ያህል!

«ታዲያ ምን ይጠበስ?» ትሉ ይሆናል። የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. የገጠር መሬት አዋጅ ታወጀ፤ ጭሰኝነት በሕግ ቀረ። ካሜራው አዋጁን የቀደመው በወራት ነው። ትንሽ ቢዘገይ ኖሮ የሚቀርጸው ትዝታ ብቻ ነበር።

ሸዋ ሮቢት ላይ ያን ዘመን የሚያወሩ አዛውንት ዛሬም አሉ። በያኔው የይፋትና ጥሙጋ አውራጃም ያመረተውን ለባለመሬት የሚያካፍል አራሽ ነበር። እነሱ ሲያወሩ የምንሰማውን በዓይናችን ማየት ከፈለግን ያ ፊልም አለልን።

ዴቪስ በኋላ «አውት ኦፍ ሳይት»ን (1998)፣ «ሰርቲን»ን (2003) ቀርጾ ስም አተረፈ። የኛ ፊልም ታሪክ ሲወራ ግን የሚነሳው ዳይሬክተሩ ብቻ ነው።

ያረጀው ፊልም በማርቲን ስኮርሲዚ ፋውንዴሽን ድጋፍ ታድሷል። አዛውንቶቻችንን የሚያድስ ላብራቶሪ ግን የለም። ስልካችሁ ካሜራ አለው አይደል?